ሳይጠሩት አቤት

«አቤት» የሚለው የአማርኛ ቃል ሁለት ሥራ አለው። ሰው ስሙ ሲጠራ «አቤት» ይላል፤ በደል ሲደርስበትም «አቤት» ይላል። «አቤቱታ»ም «አቤት ባይ»ም የዚሁ ቃል ቤተሰቦች ናቸው። በቋንቋው ሥርዓት መጀመሪያ ጠሪ አለ፣ ቀጥሎ መልስ አለ። ይህን ቅደም ተከተል ያፋለሰውን ሰው ተረቱ «ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት» እያለ ይቀልድበታል። ቀልዱ ግን ወደ መሥሪያ ቤት ሲገባ ይመርራል። ሳይጠየቅ ከሥራው በደብዳቤ የተሰናበተ ሰው ሌላ ምን ማለት ይችላል? ሳይወሰንበት በፊት የጠራው አልነበረም፤ ከተወሰነበት በኋላ ግን ከቢሮ ቢሮ፣ ከጸሐፊ ጸሐፊ «አቤት» እያለ ይከርማል።

ልዩነቱ ቀላል ይመስላል፤ ከውሳኔ በፊት ቢናገር ምን፣ በኋላ ቢናገር ምን? ዳሩ ግን ውሳኔ አንዴ ከተፈረመ በኋላ ባለቤት አለው። ባለቤቱ ደግሞ ፊርማውን ይወዳል። ከውሳኔ በፊት የሚናገር ሰው ለጥያቄ መልስ ይሰጣል። ከውሳኔ በኋላ የሚናገረው ሰው ግን የሚለምነው አንድን ባለሥልጣን «ተሳስቻለሁ» እንዲል ነው። ይህ በየትኛውም አገር ከባድ ልመና ነው፤ በእኛ አገር ደግሞ የባሰ ነው።

መቼም ይህ ነገር ከውጭ የመጣ የሕግ ቅንጦት ነው የሚለኝ ሰው ቢኖር የድሮውን ሙግት እጠቅስለታለሁ። በልሃ ልበልሃ በነበረበት ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ በዳኛ ፊት ፊት ለፊት ቆመው፣ በማርና በበቅሎ እየተወራረዱ፣ አንዱ የሌላውን ቃል እየመዘዘ ይሟገቱ ነበር። ከዚያም በፊት ቁራኛ የሚባል ሥርዓት ነበር። ከሳሹና ተከሳሹ በልብሳቸው ጫፍ ተቋጥረው አንድ ላይ ወደ ዳኛ ይሄዱ ነበር። አድካሚ ነው፣ ያስቃልም። ዳኛውም ጉቦ አይበላም ነበር ማለቴ አይደለም። ነገር ግን የከሰሰህ ሰው ማን እንደሆነ አለማወቅ አይቻልም ነበር፤ ከጎንህ ተቋጥሮ ይሄዳላ! በጃንሆይ ዘመን እንኳ የንጉሠ ነገሥቱን መኪና እየተከተለ በመንገድ ዳር «አቤት! አቤት!» የሚል ሕዝብ ነበር። ዛሬ መኪናው መስተዋቱን ዘግቶ ያልፋል፤ አቤት ባዩም ከመንገድ ዳር ወደ መዝገብ ቤት ገብቷል።

የሥነ ጽሑፍ ሂስ ልብ ወለድና ግጥም ላይ ብቻ መቆም እንደሌለበት ካመንን፣ በዚህች ከተማ በጥሞና ከሚነበቡት ድርሰቶች አንዱ የስንብት ደብዳቤ ነው። አንድ ሰው አንድን ገጽ አሥርና ሃያ ጊዜ ደጋግሞ የሚያነበው፣ ቤተሰቡን ሰብስቦ የሚያስነብበው፣ ጠበቃ ዘንድ ይዞ ሄዶ የሚያስተረጉመው ሌላ ምን ጽሑፍ አለ? እንግዲህ እንደ ማንኛውም ድርሰት እንየው።

ቁጥርና ቀን አለው። «ጉዳዩ» የሚል አለው፤ ከሥሩ ተሰምሮበታል። ከዚያ ሰውነት የሌላቸው ግሦች ይሰለፋሉ፦ «ተረጋግጧል»፣ «ታምኖበታል»፣ «ተወስኗል»። ማን አረጋገጠ? ማን አመነ? ማን ወሰነ? ጋዜጠኝነት ሲያስተምሩን ዜና «ማን» ለሚለው ጥያቄ መልስ ካልሰጠ ዜና አይደለም ይሉን ነበር። የስንብት ደብዳቤ ይህን ጥያቄ በሰዋስው ያመልጠዋል። አድራጊው ጠፍቶ ድርጊቱ ብቻ ይቀራል፣ እንደ ዝናብ፣ እንደ በረዶ። ቀጥሎ በእጅ ያለውን ንብረት ስለ ማስረከብ ይመጣል። ሁሉም በ«እርስዎ» ነው። አማርኛ ሰውን በአክብሮት ማባረር የሚችል ቋንቋ ነው።

ከደብዳቤው ሁሉ የሚገርመኝ ግን የመጨረሻው ክፍል ነው፤ ግልባጩ። ለሰው ኃይል፣ ለፋይናንስ፣ ለንብረት ክፍል፣ ለመዝገብ ቤት፣ አንዳንድ ጊዜም ለጥበቃ። አንዳንዱ ደብዳቤ ላይ ግልባጩ ከፍሬ ነገሩ ይረዝማል። የበሩ ዘበኛ ሳይቀር ያውቃል፤ ጉዳዩን ሁሉም ሰው እንዲያውቀው ተደርጓል። ከመጻፉ በፊት ያልተጠየቀ አንድ ሰው ቢኖር ደብዳቤው የተጻፈለት ሰው ነው።

ይህን የምጽፈው ሰሚት ሆኜ ነው። እዚህ ኮንዶሚኒየሞቹ መካከል ጠዋት የፐብሊክ ሰርቪስ አውቶቡስ ሲመጣ ሠራተኛው መታወቂያውን ይዞ ይሰለፋል። ከጎሮ እስከ ፊጋ ያለው መንገድ የደመወዝተኛ መንገድ ነው። ብዙው ሰው የሚኖርበትን ቤት ዕዳ ለባንክ በየወሩ የሚከፍል ነው፤ ዕዳው የሚቆጠረው ደግሞ በዓመታት ነው። ለእንዲህ ያለ ሰው የሥራ ስንብት ማለት መታወቂያው ተነጥቆ በማግስቱ ጠዋት በታክሲ ሰልፍ መቆም፣ በወሩ መጨረሻ ባንኩን ማስታወስ፣ ሰኔ ላይ ደግሞ የልጆች ትምህርት ቤት ምዝገባን ማሰብ ነው። ይህን ሁሉ የሚወስን ወረቀት አንድ ቃል ሳይጠየቅ ይጻፋል ወይ? ነገሩ ይህ ነው።

ይጻፋል። ታሪካችንም ይመሰክራል። በዓሉ ግርማ በ1975 ዓ.ም. «ኦሮማይ»ን ሲያሳትም በማስታወቂያ ሚኒስቴር ከፍተኛ ኃላፊ ነበር። መጽሐፉ ከገበያ ተሰበሰበ፤ ደራሲው ከሥራው ተወገደ፤ በየካቲት 1976 ዓ.ም. ከቤቱ እንደወጣ ቀረ። ስለ መጥፋቱ ብዙ ተጽፏል፣ ወደፊትም ይጻፋል። እኔ ግን በዚህ ታሪክ ውስጥ ትንሿን ደረጃ ነው የምመለከተው፤ ከሥራ መወገዱን። መጽሐፉን ጽፏል፣ ወንበሩን አጥቷል፤ በመካከሉ «ይህን ለምን ጻፍህ? ምን ትላለህ?» የሚል መድረክ አልነበረም። መድረኩ ቢኖር ያድነው ነበር ማለት የዋህነት ነው። ነገር ግን ሰውን ሳይጠይቁ ከወንበሩ ማንሳት የተለመደበት አገር፣ ሳይጠይቁ ከቤቱ ማንሳትም ብዙ አይከብደውም።

ሁለተኛው ታሪክ ከዚህ ይልቅ ለጉዳያችን የቀረበ ነው፤ ዘመኑ ስለ ሕግና ስለ መብት አብዝቶ የሚነገርበት ነበርና። ታኅሣሥ 26 ቀን 1985 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የኤርትራን ሪፈረንደም ጉዳይ ይዘው ሰልፍ ወጡ። የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ ቡትሮስ ቡትሮስ ጋሊ አዲስ አበባ የመጡበት ሰሞን ነው። የጸጥታ ኃይሎች ተኮሱ፤ የሰው ሕይወት ጠፋ፤ ዩኒቨርሲቲው ተዘጋ። ከጥቂት ወራት በኋላ በዚያው ዓመት 42 መምህራን የስንብት ደብዳቤ ደረሳቸው። ከመካከላቸው ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ ነበሩ። ከመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን ቀዶ ሐኪሞች አንዱ፣ የሕክምና ፋኩልቲው ዲን የነበሩ፣ በየሆስፒታሉ ቢላዋ የያዙ ብዙ ሐኪሞችን ያስተማሩ ሰው ናቸው።

«አሥራት እኮ የፓርቲ መሪ ነበሩ» የሚል አለ። እውነት ነው፤ የመላው ዐማራ ሕዝብ ድርጅት መሪ ነበሩ። ከተሰናባቾቹ መካከል ፖለቲካ ያላቸው ነበሩ፣ የሌላቸውም ነበሩ። እንግዲያው ጥያቄው ይህ ነው፦ ፖለቲካቸው ጥፋት ከነበረ ለምን ተብሎ አልተጻፈም? ማስተማራቸው ጥፋት ከነበረ የትኛው ክፍል፣ የትኛው ቀን፣ የትኛው ተማሪ? ክሱ ለየአንዳንዳቸው ተነግሮ፣ መልሳቸው ተሰምቶ፣ ለየብቻ ተመዝኖ ቢሆን ኖሮ ምናልባት ጥፋተኛ የሚባል ይገኝ ነበር፤ ምናልባትም አይገኝም ነበር። አንዱ መምህር ከሌላው መምህር ሳይለይ በጅምላ ሄደ። አርባ ሁለት የተለያየ ሕይወት፣ አርባ ሁለት የተለያየ ሙያ አንድ ቁጥር ሆነ። ዛሬም ስማቸው ሳይሆን ቁጥራቸው ነው የሚጠራው፤ «አርባ ሁለቱ» እንላቸዋለን።

እዚህ ላይ አንድ ጉዳት አለ፤ ብዙ ጊዜ አይታይም። አንድ ሰው ከመወሰኑ በፊት ሲጠየቅ መዝገብ ይኖራል፤ የከሳሽ ቃል አለ፣ የተከሳሽ ቃል አለ፣ የወሰነው ሰው ምክንያት አለ። ከሠላሳ ዓመት በኋላ የሚመጣ የታሪክ ተማሪ ያንን ገልጦ ውሳኔውን መመዘን ይችላል። ሳይሰማ የተወሰነ ነገር ግን የሚያስቀረው ወሬ ብቻ ነው። ስለ 42ቱ መምህራን ዛሬ በሻይ ቤት ብንነጋገር አንዱ አንድ ምክንያት ይሰጣል፣ ሌላው ሌላ ይሰጣል፣ ሁለቱም ያምናሉ፣ ሁለቱንም የሚያስታርቅ የተሟላ ሙግት የለም። የማይሰማ ባለሥልጣን የሚጎዳው ሠራተኛውን ብቻ እንዳይመስለን፤ ራሱንም በታሪክ ፊት መከላከያ አልባ ያደርጋል። አሥራት በ1991 ዓ.ም. በስደት አገር አሜሪካ አረፉ። ያባረራቸው ውሳኔ እስከ ዛሬ መከራከሪያውን አላቀረበም።

ዩኒቨርሲቲ ስናነሳ አንድ የእንግሊዝ ታሪክ ትዝ ይለኛል። ሪቻርድ ቤንትሊ የሚባል፣ በዕውቀቱ የተከበረ፣ በጠበኛነቱ የታወቀ የካምብሪጅ ሊቅ ነበር። ዩኒቨርሲቲው ሳያስጠራው ዲግሪዎቹን ገፈፈው። ነገሩ ለንደን ፍርድ ቤት ቀረበና እ.ኤ.አ. በ1723 ዲግሪዎቹ እንዲመለሱለት ተወሰነ። ከዳኞቹ አንዱ የተናገረው ከሕግ መጽሐፍ ሳይሆን ከኦሪት ዘፍጥረት ነበር። እግዚአብሔር እንኳ አዳምን ከገነት ከማስወጣቱ በፊት ጠርቶ ጠየቀው አለ። ይህ ምሳሌ ለእኛ ሰው ማብራሪያ አያሻውም። ሁሉን የሚያውቅ አምላክ አዳም የት እንደተደበቀ ጠፍቶት አልነበረም፤ ቅጠሉንም አይቷል፣ ፍሬውንም ማን እንደበላ ያውቃል። ቢሆንም ጠራው። አዳምም መልስ ሰጠ፤ መልሱ ደካማ ነበር፣ በሚስቱ አሳበበ፣ ተቀባይነትም አላገኘ። ግን ተሰማ። ሁሉን የማያውቅ የመምሪያ ኃላፊ ከዚህ በላይ እርግጠኛ ከሆነ ነገሩ ያስፈራል።

«እኛ ዘንድ እኮ ሠራተኛ ይናገራል፣ ግምገማ አለ» የሚል መልስ እጠብቃለሁ። አዎ፣ በ1980ዎቹ መጨረሻ ግምገማ የማያውቅ መሥሪያ ቤት አልነበረም። ሠራተኛው በጓደኞቹ ፊት ይቆማል፤ ማንም ተነሥቶ የፈለገውን ይሰነዝራል፤ ከዚያ እሱም እንዲናገር ዕድል ይሰጠዋል። ላይ ላዩን ሲታይ በልሃ ልበልሃ ይመስላል። ውስጡን ሲያዩት ግን ክሱ አስቀድሞ አልተነገረም፣ መልስ ማዘጋጃ ጊዜ የለም፣ ከሳሾቹ ራሳቸው ፈራጆች ናቸው። ከሁሉ የከፋው ደግሞ መከላከል ራሱ ጥፋት መሆኑ ነው፤ «ሂስ አይቀበልም» ይባላል። የሚፈለገው ግለ ሂስ ነው፣ ማለትም ራስን መክሰስ። እኛ የሥነ ጽሑፍ ሰዎች «ሂስ» የምንለውን ቃል ያን ጊዜ ነው ብዙ ሰው መፍራት የጀመረው፤ እስከ ዛሬም አላገገመም። መናገርና መሰማት ሁለት ነገር እንደሆኑ ከግምገማ በላይ ያስተማረን የለም።

ወደ ሕጉ ደግሞ እንምጣ፤ ሕግም ጽሑፍ ነውና ይነበባል። በ2000 ዓ.ም. የሚኒስትሮች ምክር ቤት ለኢትዮጵያ ገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን ሠራተኞች አስተዳደር ደንብ ቁጥር 155ን አወጣ። አንቀጽ 37 እንዲህ ያለ ሐሳብ ነበረው፦ ዋና ዳይሬክተሩ አንድን ሠራተኛ በሙስና ከጠረጠረውና እምነት ካጣበት፣ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥርዓት ሳይከተል ከሥራ ሊያሰናብተው ይችላል። ሁለተኛው ንዑስ አንቀጽ ደግሞ እንዲህ የተሰናበተ ሰው በየትኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ሥራው የመመለስ መብት እንደሌለው ይደነግጋል።

ይህን አንቀጽ እንደ ድርሰት ያነበበው ሰው አንድ ገጸ ባሕርይ ብቻ ያገኛል። ዳይሬክተሩ ይጠረጥራል፣ ዳይሬክተሩ እምነት ያጣል፣ ዳይሬክተሩ ያሰናብታል። ሠራተኛው ተሳቢ ነው፤ አንድም ግሥ የለውም። ደግሞ ልብ በሉ፤ መጠርጠርም እምነት ማጣትም በዳይሬክተሩ ልብ ውስጥ የሚሆኑ ነገሮች ናቸው። «ገንዘብ ተቀብለሃል» የተባለ ሰው አልተቀበልኩም ብሎ ሊሟገት ይችላል። «ጠርጥሬሃለሁ» የተባለ ሰው ምን ይላል? አልጠረጠርከኝም ሊለው ነው? ክሱ ሊስተባበል በማይችል ቋንቋ ተጽፏል። የቁጥሩ አጋጣሚ ደግሞ ያስገርማል። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 37 ማንም ሰው ጉዳዩን ለፍርድ ቤት ወይም ለሌላ የዳኝነት አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት አለው የሚለው አንቀጽ ነው። አንዱ 37 የከፈተውን በር ሌላው 37 ገፋ አድርጎ ዘጋው።

ለደንቡ ጠበቆች የሚገባቸውን ልስጣቸው። ጉምሩክ ላይ ሙስና የለም የሚል ዕቃ አስመጥቶ አያውቅም። ጉቦ በደረሰኝ አይሰጥም፤ ምስክር ይፈራል፤ የዲሲፕሊን ጉዳይ ወራት ይፈጃል፤ በእነዚያ ወራት ተጠርጣሪው ወንበሩ ላይ ከቆየ ፋይሉ እግር ያወጣል። ይህ ሁሉ እውነት ነው። ግን ለዚህ መድኃኒቱ ምርመራው እስኪያልቅ ከሥራ ማገድ ነበር፤ እገዳ ደግሞ በሲቪል ሰርቪሱ ሕግ ውስጥ ቀድሞም ነበረ። ደግሞስ ያለ ሙግት በሚባረርበት ቤት ማን ይባረራል? የበላው ሰው የበላውን ይዞ ይወጣል፣ ሱቅ ይከፍታል፣ ይከብራል። አለቃው «አሳልፍ» ያለውን ኮንቴይነር አላሳልፍም ያለው ሠራተኛ ግን «እምነት የታጣበት» ለመባል አንድ ፊርማ ነው የቀረው። ሙስናን ለመዋጋት የተሰጠ ሥልጣን፣ በሙሰኛ አለቃ እጅ ከገባ፣ ሐቀኛውን ዝም ማሰኛ ይሆናል። ባለሥልጣኑ በ2011 ዓ.ም. በገቢዎች ሚኒስቴርና በጉምሩክ ኮሚሽን ተተክቷል፤ አንቀጹ ያሳየን አስተሳሰብ ግን ከመሥሪያ ቤቱ ስም ጋር አብሮ የሚቀየር አይደለም።

ለጠቅላላው የመንግሥት ሠራተኛ ሕጉ እንዲህ አይደለም። የ1999ኙ አዋጅ 515፣ የ2010ሩ አዋጅ 1064፣ በቅርቡም የ2017ቱ አዋጅ 1353 ተከታትለው መጥተዋል። ከባድ ቅጣት የሚያስከትል ጥፋት በዲሲፕሊን ሥርዓት መታየት እንዳለበት በዚህ አገር የታወቀ ሕግ ነው። በ1994 ዓ.ም. የወጣው ደንብ 77 ክሱ በጽሑፍ እንዲደርስ፣ መልስ እንዲሰጥ፣ ምስክር እንዲሰማ ያዛል። መልካም። ነገር ግን አንድ ስንጥቅ አለበት። የሚሰማው የዲሲፕሊን ኮሚቴ ነው፤ የሚወስነው የመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ ነው። ኮሚቴው የሠራተኛውን ፊት አይቷል፣ ድምፁን ሰምቷል፣ ምስክሩ ሲንተባተብ ታዝቧል፤ ግን የውሳኔ ሐሳብ ብቻ ያቀርባል። ኃላፊው ምንም አላየም፣ ምንም አልሰማም፤ ይፈርማል። የኮሚቴው አባላትም የዚያው ኃላፊ ሠራተኞች ናቸው። የሰማ አይወስንም፣ የወሰነ አልሰማም። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 አስተዳደር ውሳኔውን በምክንያት እንዲሰጥ በማስገደዱ ተስፋ ሰጥቶናል። ልማዱ ግን ከአዋጁ ይበረታል። በ2016 ዓ.ም. የከተማችን አስተዳደር ሠራተኞቹን ለምደባ ፈተና ሲያስቀምጥ የብዙ ሰፈር ወሬ እሱ ነበር። ፈተና ብቃትን ሊለካ ይችላል፤ እሱን አልጠላም። ሆኖም የፈተና ወረቀት ይጠይቅሃል እንጂ አንተ አትጠይቀውም። የሃያ ዓመት አገልግሎት በሁለት ሰዓት ክብ ማጥቆር ሲመዘን፣ ያለዚያ ውጤት የሚናገር ሌላ ነገር እንዳለ ማስረዳት የሚቻልበት ወንበር ያስፈልጋል።

ስለ ግሉ ዘርፍ አጭር ልበል። የ2011ዱ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156 ያለ ማስጠንቀቂያ የሚያሰናብቱ ምክንያቶችን ይዘረዝራል፣ ምክንያቱ በጽሑፍ እንዲገለጽም ያዛል። ፍርድ ቤቱ ግን የሚመጣው በኋላ ነው። ጠንካራ ማኅበር ያለበት ፋብሪካ በኅብረት ስምምነቱ ቀድሞ የመሰማትን ሥርዓት ያስገባል። ማኅበር የሌለበት ጥበቃ፣ ጽዳት፣ ሱቅ ሻጭ ነገሩን የሚያውቀው በሩ ላይ ሲደርስ ነው።

«ማስረጃው ግልጽ ሲሆንስ? ምን ሊል ይጠራል?» ለሚለው ጥያቄ አንድ የጥበቃ ሠራተኛ መልስ አለው። ላውደርሚል ይባላል፤ አሜሪካ ክሊቭላንድ ከተማ በትምህርት ቦርድ የተቀጠረ ነው። ሲቀጠር በከባድ ወንጀል ተፈርዶብኝ አያውቅም ብሎ በቅጹ ላይ ሞልቶ ነበር። ኋላ ላይ እ.ኤ.አ. በ1968 በስርቆት እንደተፈረደበት ተገኘ። ወረቀት ከወረቀት ጋር ተጋጨ፤ ከዚህ በላይ ግልጽ ማስረጃ ምን አለ? ውሸታም ተብሎ ተባረረ። ሰውዬው ግን የሚለው ነበረው፤ ፍርዱ በቀላል ጥፋት የተሰጠ መስሎኝ ነበር አለ። በሌላ አነጋገር፣ የሞላው ስሕተት እንጂ ውሸት ላይሆን ይችላል። እ.ኤ.አ. በ1985 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከመባረሩ በፊት ይህን የመናገር ዕድል ሊሰጠው ይገባ ነበር አለ። ትልቅ ችሎት አላዘዘም። ክሱን ንገሩት፣ ማስረጃውን አሳዩት፣ የሚለውን ስሙት፤ ይኸው ነው። የአንድ ከሰዓት ሥራ።

ስለዚህ በእኔ በሐያሲው በኩል ለስንብት ደብዳቤ ደራሲዎች አንድ የአርትዖት ሐሳብ አለኝ። «ጉዳዩ» ከሚለውና «ስለዚህ» ከሚለው መካከል አንድ አንቀጽ ጎድሏል። አንቀጹ «ስለዚህ ነገር ጠይቀንዎት በዚህ ቀን ይህን ይህን ብለዋል» ብሎ ይጀምራል፤ ቀጥሎ መልሱ ለምን ተቀባይነት እንዳላገኘ ያስረዳል። አራት አምስት መስመር ይበቃዋል። ከቢሮ ሳይወጡ ሊጽፉት አይችሉም፤ ሰውዬውን ጠርተው፣ ወንበር ሰጥተው፣ ሲናገር ማስታወሻ መያዝ ይኖርባቸዋል። ግልባጩን ከዚያ በኋላ ለዘበኛውም ይላኩት።